ሳነቴ ላይ የቀይ ቀበሮን አደን እንዴት መቅረጽ ይቻላል?

የባሌው ሳነቴ አምባ 4,000 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ነው። ከአዲስ አበባ በተነሱ ማግስት እዚያ ወጥቶ ትራይፖድ መሸከም ራስ ምታትና ማስመለስ ያመጣል፤ ስለዚህ መጀመሪያ 3,100 ሜትር ገደማ ላይ ባለችው ዲንሾ ሁለት ሌሊት ይደሩ። የቀረጻ ፈቃዱን፣ ድሮን ካለም የድሮኑን፣ ከመነሳትዎ በፊት ይጨርሱ። ከኅዳር እስከ ጥር ሰማዩ ጥርት ይላል፤ ሌሊቱ ግን ውርጭ ነው። ባትሪ በብርድ ቶሎ ይደክማልና ትርፉን ከውስጥ ኪስ ይያዙ። «አለቀ» ያለው እንኳ ብብት ስር ሲሞቅ ለጥቂት ደቂቃ ይነሳል።

ጀማሪ የሚሳሳተው ቀበሮውን በማሳደድ ነው። አድፍጠው መጠበቅ ያለብዎት ቀበሮው የሚያድነውን ፍልፈል ነው። በባሌ ብቻ የሚገኘው ግዙፉ ፍልፈል የሚወጣው በቀን ስለሆነ ቀበሮውም በቀን ያድናል፤ ለቀራጭ ከዚህ የበለጠ ዕድል የለም። አዲስ አፈር የተቆለለበትና ዙሪያው ሣሩ የተጋጠ ጉድጓድ ይፈልጉ። አጠገቡ አንዲት ቡናማ ወፍ ቆማ ካዩ ፍልፈሉ ቅርብ ነው፤ እሱ አፈር ሲገፋ ብቅ የሚሉትን ትላትሎች ትለቅማለች።

ከጎባ ወደ ደሎ መና የሚሄደው መንገድ አምባውን ያቋርጣል፤ መኪናው ራሱ ጥሩ መደበቂያ ነው። ሞተሩን ያጥፉ፣ አለዚያ በ600 ሚሊ ሜትር ሌንስ ምስሉ ይርገበገባል። ሌንሱን መስኮቱ ላይ በተቀመጠ ስንዴ ወይም ሩዝ በሞላ ከረጢት ያሳርፉ (ጤፍ በትንሿ ቀዳዳ ሾልኮ ያልቃል)። የሚቀርጹት በሴኮንድ 100 ፍሬም (ምስል) ከሆነ የሻተሩን ፍጥነት 1/200 ሴኮንድ ያድርጉ፤ ፀሐዩ ኃይለኛ ስለሆነ ኤንዲ ፊልተር (ብርሃን የሚቀንስ የሌንስ መስታወት) ያስፈልጋል።

ቀበሮው ጆሮውን ወደፊት ቀስሮ ሆዱ መሬት እስኪነካ ዝቅ ሲል መቅረጽ ይጀምሩ፤ ዝላዩን ሲያዩ ቁልፉን መጫን ዘግይቷል። ፊቱን ብቻ ሞልቶ መያዝም አያዋጣም፣ ሲዘል ከፍሬም ይወጣል። ጆሮው ወዳመለከተበት በኩል የፍሬሙን ግማሽ ባዶ ይተዉለት፤ ፎከሱም የሚያርፍበት ጉድጓድ ላይ ይሁን። ቀበሮው ቢስትም ለ10 ሴኮንድ ካሜራውን አያንቀሳቅሱ፤ ለኤዲተሩ የዝላዩን ያህል ያስፈልገዋል።

ጠዋት 4 ሰዓት አካባቢ መሬቱ ሲሞቅ አየሩ እንደ ውኃ ይንቀጠቀጥና የሩቁ ምስል ይደበዝዛል። ሌንስ ቢቀይሩ አይድንም፤ ያኔ በአጭር ሌንስ ጅብራውን (ረጅሙን የደጋ ተክል)፣ የተጋጠውን ሣርና የጉድጓዱን አፍ ይቅረጹ። ቡችሎች ያሉበት ዋሻ ግን አይጠጉ፤ ከተረበሹ ወላጆቹ ቡችሎቹን ወደ ሌላ ቦታ ያዛውራሉ። ውሻም አያስከትሉ፤ ከ500 በታች የቀሩትን አዋቂ ቀበሮዎች በተደጋጋሚ የጨረሰው ከውሻ የሚተላለፈው የእብድ ውሻ በሽታ ነው።

ማታ ወደ ሞቀ ክፍል ከመግባትዎ በፊት ካሜራውን እዚያው ብርዱ ላይ በላስቲክ ከረጢት አስረው ይዝጉ፤ ከአንድ ሰዓት በኋላ ይክፈቱት። አለዚያ እንፋሎቱ ሌንሱ ውስጥ ጠል ሆኖ ይቀራል፤ በማግስቱ ጎሕ ሲቀድም ገና አልደረቀም።