የኤሌክትሪክ መስመር በመሬትዎ ሲያልፍ፦ ምን ይጠይቃሉ? ምን ይለካሉ?

ቀያሾች ካስማ መቸከል ከጀመሩ ሳይውሉ ሳያድሩ የመስመሩን ንድፍ ቅጂ በጽሑፍ ይጠይቁ። ንድፉ የምሰሶዎቹን ቦታ፣ የኪሎ ቮልቱን መጠን፣ ከመስመሩ መሃል ግራና ቀኝ የሚከለለውን ስፋት ማሳየት አለበት። ምሰሶ ከተተከለ በኋላ የሚቀረው ክርክር በአብዛኛው የካሳ ብቻ ነው።

ብዙ ባለይዞታ «መስመሩን ከመሬቴ አውጡልኝ» ብሎ ይጠይቅና ባዶ እጁን ይመለሳል። ቀጥ ያለ መስመር ወደ ጎን ሲታጠፍ ሽቦዎቹ ምሰሶውን ወደ እጥፋቱ ውስጥ ይስቡታል፤ ስለዚህ የበለጠ ጠንካራ ምሰሶ ወይም የመወጠሪያ ሽቦ (ምሰሶውን ከመሬት ጋር ወጥሮ የሚይዝ) ያስፈልጋል፣ ወጪው ይንራል፣ የጎረቤት መሬትም ይነካል። ምሰሶውን በዚያው መስመር ላይ ጥቂት ሜትር ወደ ፊት ወይም ወደ ኋላ አንቀሳቅሶ ከእርሻው መሃል ወደ ወሰኑ ማስጠጋት ግን ብዙ ጊዜ ይቻላል። ይህን ይጠይቁ፤ የሚፈልጉትን ቦታም በንድፉ ላይ ምልክት አድርገው ያስገቡ። የመወጠሪያ ሽቦው የት እንደሚቸከልም አብረው ይጠይቁ፤ ከምሰሶው ርቆ መሬት ስለሚይዝ እርሻን ያውካል።

መስመሩ ነባር ከሆነ መጀመሪያ ሰነድ ይፈልጉ። የቀድሞው ባለይዞታ በውል የመተላለፊያ መብት (መስመሩ በመሬቱ እንዲያልፍ ፈቃድ) ሰጥቶ ከሆነና መብቱ ከተመዘገበ፣ በብዙ አገሮች ሕግ አዲሱን ባለቤትም ያስገድዳል። ውሉ ስንት ሜትር ስፋት፣ ስንት መስመር፣ ምን ያህል ቮልቴጅ እንደፈቀደ ያንብቡ። ለአንድ መስመር በተሰጠ ፈቃድ ሁለተኛ ሲጨመር የመደራደሪያ በር ሊከፈት ይችላል።

ሽቦው በጣም ዝቅ ብሏል የሚሉ ከሆነ ይለኩ። በእንጨት፣ በመሰላል ወይም ወደ ላይ በሚዘረጋ ሜትር ግን ፈጽሞ አይሞክሩ፤ ከፍተኛ ኃይል ሳይነኩትም አየሩን ዘሎ ይገድላል። መሬቱ ሜዳ ከሆነ ሽቦው በጣም የረገበበትን ቦታ ይምረጡና ከመስመሩ በቀጥታ ወደ ጎን ይራቁ። የስልክዎ የማዕዘን መለኪያ ወደ ሽቦው ሲያነጣጥር 45 ዲግሪ ሲያሳይ ይቁሙ። ከሽቦው ቀጥታ ሥር ካለው መሬት እስከ ቆሙበት ያለውን ርቀት በእርምጃ ወይም መሬት ላይ በተዘረጋ ገመድ ለክተው የዓይንዎን ከፍታ ይደምሩበት፦ ለምሳሌ 7 ሜትር ሲደመር 1.6 ሜትር፣ 8.6 ሜትር ይሆናል። ቀኑን፣ ሰዓቱንና የአየሩን ሙቀት አብረው ይጻፉ። ሽቦ ሲሞቅና ብዙ ኃይል ሲሸከም ይረዝማል፣ ይረግባልም፤ በቀዝቃዛ ጠዋት ብቻ የተለካ ቁመት ትክክለኛውን ችግር ይደብቃል። ይህ ልኬት ግምት ቢሆንም ባለሙያ መጥቶ እንዲለካ ለመጠየቅ ይበቃል።

ከመስመሩ ጋር ጎን ለጎን የሚሄድ ረጅም የብረት ሽቦ አጥር ሲነካ የሚነዝር ከሆነም ያመልክቱ። መስመሩ ሳይነካው ኃይል ያሳድርበታል፤ መፍትሔው በባለሙያ አጥሩን ከመሬት ጋር ማገናኘት ነው።

ካሳውን በአንድ ድምር አይቀበሉ። ምሰሶው የያዘው መሬት፣ ግንባታና ረጅም ዛፍ የተከለከለበት ስፋት፣ የተቆረጠው ዛፍ፣ የተረገጠው ሰብልና በመኪና የተጠቀጠቀው አፈር ለየብቻ ይቆጠሩ። ሥራው ከመጀመሩ በፊት ሁሉንም ፎቶ ያንሱ። «ሙሉ ካሳ ተቀብያለሁ» የሚል ወረቀት ሠራተኞቹ ከመሬቱ ሳይወጡ አይፈርሙ፤ ትልቁ ጉዳት ብዙ ጊዜ የሚደርሰው ሽቦ በሚሳብበት ጊዜ ነው።