ዛቻ የደረሰበት ሐኪም የፍርድ ቤት ትእዛዝና የፖሊስ ጥበቃ እንዴት ያገኛል?

«ፖሊስ ይመደብልኝ» ብሎ በደፈናው የጻፈ ሐኪም ማመልከቻው ሲመለስበት አይቻለሁ። ደብረ ማርቆስም ይሁን ፍኖተ ሰላም፣ ሞጣም ይሁን ቡሬ፣ ዳኛው የሚጠይቀው ያው ነው፦ ማን ዛተ? ምን ብሎ? እኔስ ማንን ምን አድርግ ብዬ ልዘዝ? ሥራው ሁሉ እነዚህን መመለስ ነው።

መጀመሪያ፣ የተባለውን በዕለቱ ቃል በቃል ይጻፉ። «አስፈራራኝ» ማለት ለዳኛ ምንም አይነግረውም። «ወንድሜ ከዚህ አልጋ ሬሳው ከወጣ እዚሁ በር ላይ እደፋሃለሁ» ግን ይነግረዋል። ስድቡም አብሮ ይጻፍ፣ አይፈር። ሰዓቱን፣ ሰውዬው የቆመበትን ቦታ፣ አጠገቡ ማን እንደነበረ ይጨምሩ። በጎጃም መሣሪያ መያዝ ብርቅ ስላልሆነ ታጥቆ እንደነበርና እንዳልነበር ለይተው ያስቀምጡ። ለምስክርነት ከሐኪም ባልደረባ ይልቅ የበር ጥበቃውን ወይም የካርድ ክፍል ሠራተኛዋን እመርጣለሁ፤ «ለጓደኛው ነው የመሰከረው» የሚል የለም።

የታካሚውን ካርድ ግን ኮፒ አድርገው እንዳያያይዙ። የሙያ ምሥጢር ማውጣት በ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 399 ያስጠይቃል፤ ተበዳይ ሆነው ገብተው ተከሳሽ ሆነው እንዳይወጡ። ዛቻውን ለማስረዳት በሽታውን መናገር አያስፈልግም፣ «ተኝቶ የሚታከም ሰው አስታማሚ» በቂ ነው። ካርዱን ፍርድ ቤቱ ራሱ ካዘዘ ያን ጊዜ በሆስፒታሉ በኩል ይቀርባል።

ቀጥሎ ፖሊስ ጣቢያ። ማስፈራራት በዚያው ሕግ አንቀጽ 580 በግል አቤቱታ የሚያስቀጣ ወንጀል ነው፤ እርስዎ ካላመለከቱ ማንም አይከስልዎትም። አቤቱታው ድርጊቱን ወይም አድራጊውን ካወቁ በ3 ወር ውስጥ መቅረብ አለበት። «ዶክተር፣ ሐዘን ላይ ነው እኮ፣ ይለፉት» ይባላሉ። ቢያሳዝንም መዝገቡ ይከፈት። መርማሪው የጻፈውን ሲያነብልዎ በደንብ ያዳምጡ፤ «እደፋሃለሁ» ያሉት «ተቆጥቶ ተናገረኝ» ሆኖ ከተጻፈ ሳይስተካከል አይፈርሙ። የመዝገብ ቁጥሩን ይያዙ። ሰውዬው ተይዞ ዋስትና ከጠየቀም ወደ ሆስፒታሉ እንዳይቀርብ የሚል ግዴታ እንዲታከልበት መርማሪውንና ዐቃቤ ሕጉን ቀድመው ያነጋግሩ።

ከዚህ ጎን ለጎን የፍትሐ ብሔር አቤቱታ ይቀርባል። እኔ የበለጠ የምተማመነው በዚህ ነው። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 10 በሰውነት መብት (ሰው በመሆን ብቻ በሚገኝ መብት) ላይ ያላግባብ የሚደርስ ጥሰት እንዲቆም የመጠየቅ መብት ይሰጣል፤ ክሱ እስኪወሰን ድረስ ደግሞ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 155 ጊዜያዊ እግድ ይጠየቃል። ወረዳ ፍርድ ቤት ወይስ ከፍተኛ የሚለውን አስቀድመው ከሬጅስትራሩ ያጣሩ። የማስረጃ ዝርዝርና ቃለ መሐላ ይያያዛል። ፍርድ ቤቱ ደጅ ያሉት ራፖር ጸሐፊዎች ቅርጹን ያውቁታል፣ ግን «ክቡር ፍርድ ቤቱ ሆይ» እያሉ ገጹን ይሞሉታል። የዳኝነት ጥያቄውን ራስዎ ጽፈው ይስጧቸው፤ ለምሳሌ፦

«ተከሳሽ ወደ ሆስፒታሉ ግቢና ወደ መኖሪያ ቤቴ እንዳይመጣ፣ በስልክም በሰውም እንዳይዝትብኝ፣ ለራሱ ድንገተኛ ሕክምና ካስፈለገው ግን በጥበቃ ታጅቦ እንዲገባ፣ የከተማው ፖሊስ ይህን እንዲያስፈጽምና ትእዛዙን ሲጥስ ይዞ እንዲያቀርበው ይታዘዝልኝ።»

የድንገተኛ ሕክምናዋ ሐረግ ትንሽ ብትመስልም ዳኛውን የምታሳምነው እሷ ናት። ሕክምና ከልካይ ሐኪም እንዳልሆኑ ታሳያለች።

አንዳንዱ የጠቋሚዎችና ምስክሮች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 699/2003ን ይጠቅሳል። እሱ 10 ዓመትና ከዚያ በላይ ጽኑ እስራት ወይም ሞት ለሚያስቀጣ ወንጀል ነው፤ ለተራ ዛቻ አይደርስም። ተኩስ ከተከፈተ ሌላ ነገር ነው።

ትእዛዙ ሲወጣ አልቋል ብለው እንዳይቀመጡ። መዝገብ ቤት ውስጥ አቧራ የሚጠጣው ብዙ ነው። ማኅተም ያረፈበትን ግልባጭ ወጪ ቁጥር አስይዘው ራስዎ ለጣቢያው አዛዥ ያድርሱ፣ በእርስዎ ቅጂ ላይ ጣቢያው «ደርሶናል» ብሎ ይፈርምልዎ። ሌላ ቅጂ ለሆስፒታሉ በር ጥበቃ ይሰጥ፤ ሰውዬውን በመልክ የሚያውቁት እነሱ ናቸው። ፖሊስ ደጅዎ ላይ አያድርም፤ የሚያገኙት ሲደውሉ «ምን ሆነ?» ብሎ ከባዶ የማይጀምር ጣቢያ ነው። የተረኛውን ስልክ ይያዙ።

በዚህ መሀል ሽማግሌ ይመጣል፣ በእኛ አገር አይቀርም። አይመልሷቸው፤ ከፍርድ ቤት ትእዛዝ ይልቅ የአጎቱን ቃል የሚፈራ ብዙ ነው። ግን ዕርቁ በጽሑፍ ይሁን፣ ዋስ ይጥራ፣ ውሉን ቢያፈርስ የሚከፍለው ይጠቀስ። ግልባጩ ከመዝገቡ ጋር ሳይያያዝ «አቤቱታዬን አንስቻለሁ» በሚል ወረቀት ላይ አይፈርሙ።