የኮሌጅ መምህር ጡረታ፦ ስሌቱ፣ ማህደሩ እና የክርክሩ መንገድ

የመምህራን የጡረታ ክርክር አብዛኛውን ጊዜ መነሻው የግል ማህደር ነው፤ የተምታታ የልደት ዘመን፣ የጎደለ አገልግሎት፣ ዘግይቶ የተመዘገበ የደረጃ ዕድገት። ሥራ ከለቀቁ በኋላ ማህደር ማስተካከል እጅግ አድካሚ ነው። ስለዚህ መውጫ ዕድሜው 60 ቢሆንም በ57 ዓመትዎ ይጀምሩ።

በመጀመሪያ ስሌቱን በራስዎ ያውጡት። የመንግሥት ሠራተኞች ጡረታ የሚመራው በአዋጅ ቁጥር 1267/2014 ሲሆን ሠራተኛው ከደመወዙ 7 በመቶ፣ መሥሪያ ቤቱ 11 በመቶ ያዋጣሉ። ቢያንስ 10 ዓመት ያገለገለ የሲቪል ሠራተኛ ከመውጣቱ በፊት የነበሩት የ3 ዓመታት አማካይ ደመወዝ ይወሰድና 30 በመቶው ይያዝለታል። ከ10 ዓመት በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመራል፤ ጣሪያው 70 በመቶ ነው። ለምሳሌ 28 ዓመት ያገለገሉ መምህር በመጨረሻዎቹ 3 ዓመታት የወር ደመወዛቸው በቅደም ተከተል 12,000፣ 14,000 እና 16,000 ብር ቢሆን አማካዩ 14,000 ነው። 30 ላይ 18 ዓመት በ1.25 ሲባዛ የሚገኘው 22.5 ሲደመር 52.5 በመቶ ይሆናል። የወር ጡረታቸው 7,350 ብር ነው።

እዚህ ላይ ብዙ መምህራን ይደነግጣሉ። ስሌቱ የሚሠራው ከግብርና ከሌሎች ተቀናሾች በፊት ባለው መደበኛ የወር ደመወዝ ብቻ ነው። የቤት አበል፣ የኃላፊነት አበል፣ የኤክስቴንሽንና የክረምት ትምህርት ክፍያ፣ ከመደበኛ የማስተማር ጫና በላይ የተሠራ ሰዓት አይገቡም። ከወር ገቢዎ ግማሹ ከእነዚህ የሚመጣ ከሆነ በደመወዙ ብቻ ያቅዱ።

አማካዩ የ3 ዓመት ስለሆነ ከ57 በኋላ የሚመጣ የደረጃ ዕድገት ቀኑ ገንዘብ ነው። ከረዳት ፕሮፌሰርነት ወደ ተባባሪ ፕሮፌሰርነት ያደጉበት ደብዳቤ «ከዚህ ቀን ጀምሮ» የሚል የታወቀ ቀን ይኑረው። ልዩነቱ ወደኋላ ተቆጥሮ ከተከፈለ የደመወዝ ክፍል በየወሩ ዘርዝሮ መመዝገቡን፣ የጡረታ መዋጮም ከልዩነቱ መቀነሱን ያረጋግጡ። በአንድ ወር ተጠቃሎ ከተጻፈ ያለፉት ወራት በአሮጌው ደመወዝ ሊሰሉ ይችላሉ።

ቀጥሎ ማህደርዎን አስወጥተው ገጽ በገጽ ያንብቡ። ለጡረታ የሚያዘው ዕድሜ መጀመሪያ ሲቀጠሩ በሕይወት ታሪክ ፎርም ላይ የሞሉት ነው፤ በኋላ የወጣ የልደት ምስክር ወረቀት አይለውጠውም። በተለይ ውጭ አገር የተማሩ መምህራን ይጠንቀቁ። የአንዱ ልደት 1958 ዓ.ም. ሆኖ ከፓስፖርት የተቀዳ 1966 «እ.ኤ.አ.» ሳይባል ከገባ፣ አንባቢው 8 ዓመት ያሳንሳቸዋል። ስህተቱ የሚታየው ደግሞ መውጫው ሲደርስ ነው።

የአገልግሎት ዘመኑንም ከቅጥር ደብዳቤ እስከ ዛሬ ያለ ክፍተት ያገናኙ። ለትምህርት ሄደው ደመወዝ ሲከፈልዎ የቆየበትን ጊዜ ከመላኪያና ከመመለሻ ደብዳቤዎች ጋር ያያይዙ። ያለ ደመወዝ የወሰዱት ፈቃድ መዋጮ ስላልተከፈለበት በአገልግሎት አይቁጠሩት። ከአንድ ዩኒቨርሲቲ ወደ ሌላ በዝውውር ከሄዱ የመልቀቂያና የደመወዝ ማቆሚያ ደብዳቤ መኖሩን ይዩ።

በግል ኮሌጅ የሠሩበት ጊዜ ከመንግሥቱ ጋር ይደመራል፤ ነገር ግን መዋጮው በእርግጥ ገቢ ተደርጎ ከሆነ ነው። የግል ድርጅት ጡረታ የተጀመረው በአዋጅ ቁጥር 715/2003 ስለሆነ ከዚያ በፊት ያለውን በጡረታ አይጠብቁ። አንዳንድ ድርጅት ደግሞ በጡረታ ፋንታ በፕሮቪደንት ፈንድ (ሠራተኛውና አሠሪው የሚያጠራቅሙት፣ ሲወጡ በአንድ ጊዜ የሚከፈል ገንዘብ) ቀጥሏል። የደመወዝ ወረቀት ላይ 7 በመቶ መቀነሱ ብቻውን አይበቃም፤ ለግብር ሰብሳቢው የተከፈለበትን ዝርዝር ቅጂ ኮሌጁ ሳይዘጋ ይውሰዱ።

ከ60 በኋላ እንዲያስተምሩ ከተፈለገ ደብዳቤው «አገልግሎት ማራዘም» ይላል ወይስ «ኮንትራት»? ሁለቱ አንድ አይደሉም። መዋጮው ይቀጥል አይቀጥል በጽሑፍ ይጠይቁ፤ ማራዘሚያውም 60 ከመሙላትዎ በፊት ይጽደቅ። ክሊራንሱንም (ከንብረትና ከዕዳ ነፃ መሆንዎን የሚያረጋግጠውን ወረቀት) ቀደም ብለው ይጨርሱ፤ የቤተ መጻሕፍት መጽሐፍ፣ ላፕቶፕ እና የትምህርት ውል ግዴታ ወረቀቱን ለወራት ያስሩታል።

ክርክር ከተነሣ በር መሳሳት ጊዜ ያባክናል። ስህተቱ የመሥሪያ ቤቱ ከሆነ፣ ለምሳሌ የደመወዝ ወይም የቅጥር ማስረጃ፣ ወደ ሰው ሀብትና ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ይሂዱ። የጡረታ ውሳኔው ራሱ ካልተዋጠልዎ ለመንግሥት ሠራተኞች ማኅበራዊ ዋስትና አስተዳደር ያመልክቱ። ካልተፈታ ይግባኙ የሚቀርበው ለማኅበራዊ ዋስትና ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ ነው። ጉባኤው በፍሬ ነገር የሚሰጠው ውሳኔ የመጨረሻ ሲሆን፣ የሕግ ስህተት አለ የሚል ብቻ ወደ ፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ይሄዳል። በቀጥታ ለመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ክስ የሚከፍት ሰው መዝገቡ ይዘጋበታል፤ የይግባኙም ቀን ያልፍበታል።

አቤቱታው አጭር ይሁን፦ የተሰጠው ውሳኔ ቁጥርና ቀን፣ ስህተት የሆነው አኃዝ፣ ትክክለኛው አኃዝ፣ የሚያስረዳው ሰነድ። «በደል ደርሶብኛል» ከሚል ሦስት ገጽ ይልቅ «አገልግሎቴ 28 ዓመት ሲሆን 24 ተብሏል፤ የጎደለው ከዚህ እስከዚህ ያለው ነው» የሚል አንድ መስመር ይሠራል። ውሳኔው የደረሰዎትን ቀን ፖስታው ላይ ይጻፉ፤ ያስገቡትንም ማመልከቻ ቅጂ የመዝገብ ቤት ቁጥርና ማኅተም ሳያስመቱበት አይውጡ።