አቻን አጥቦ በማብሰል ላይ የሚሠሩ ስህተቶች

በናይጄሪያ የጆስ ደጋ ላይ አናጉታ የሚባሉ ሕዝቦች ከጥንት ጀምሮ የሚያርሱት እህል አቻ ነው። ጎረቤቶቻቸው ቤሮሞችና አፊዜሬዎችም ያመርቱታል። በሌሎች የምዕራብ አፍሪካ አገሮች ፎኒዮ ይባላል። ዛሬ በአውሮፓና በአሜሪካ ሱቆችም ስለሚገኝ ጤፍ የለመደ ሰው ቢገዛው አያስገርምም። ስህተቱ የሚጀምረውም ያኔ ነው።

እንደ ጤፍ ማየት። ሁለቱም ደቃቅ ናቸው፣ ዝምድናቸው ግን የሩቅ ነው። ጤፍ እንዳለ ይፈጫል፤ አቻ ግን ገለባ ለብሶ ስለሚታጨድ በሙቀጫ ይፈተጋል፣ በሰፌድ ይነፈሳል፣ እንደገና ይፈተጋል። ያን ያህል ድካም ያለበትን እህል የድሃ ምግብ ማለት ነውር ነው።

በወንፊት ማጠብ። ከሁሉም የከፋው ስህተት ይህ ነው። አቻ መሬት ላይ ስለሚወቃ አሸዋ ይቀላቀለዋል፤ አሸዋውም ከፍሬው ጋር በመጠን እኩል ስለሆነ ወንፊት አይለየውም። የሚለየው ክብደቱ ብቻ ነው። የጆስ ሴቶች በቅል የሚያደርጉት እንዲህ ነው፦ አንድ ኩባያ አቻ በሰፊ ዕቃ ውስጥ ይደረግና ብዙ ቀዝቃዛ ውሃ ይጨመርበታል። ዕቃው በክብ ይወዛወዝና ፍሬው ገና ውሃው ላይ እየዋለለ ሳለ ወደ ሌላ ዕቃ ይገለበጣል። አሸዋው ከታች ይዘቅጣል። ይህ አምስት ስድስት ጊዜ ይደጋገማል። ውሃው ጠራ ተብሎ መቆም አይገባም፤ ጥቂት ፍሬ ጥርስ ላይ አድርጎ ማኘክ ነው እንጂ። መጨረሻ ላይ ከአሸዋው ጋር የቀረችውን እፍኝ የማትሞላ እህል ለማትረፍ መሞከር የቀረውን ሁሉ ያበላሻል። እሷ ትደፋ።

ከታጠበ በኋላ መስፈር። የረጠበ አቻ ውስጡ ውሃ ይዟል። ስለዚህ ደረቁን ሰፍሮ፣ አጥቦ፣ በንጹሕ ጨርቅ ለሩብ ሰዓት ማጥለል ይሻላል። ፍርፍር እንዲል ከተፈለገ ለአንድ ኩባያ አንድ ኩባያ ተኩል የፈላ ውሃ፣ ለስለስ እንዲል ከተፈለገ ሁለት ኩባያ ይበቃዋል። እሳቱ ዝቅ ይልና አምስት ደቂቃ ያህል ይበስላል፤ ከዚያ ተከድኖ ሌላ አሥር ደቂቃ ይቆያል። እሳት ላይ ሳለ ማማሰል ያጣብቀዋል።

ለግዎቴ ሁሉንም አንድ ላይ መክተት። ግዎቴ የጆስ አካባቢ የአቻና የቅጠል ምግብ ነው። ሥጋው ቀድሞ መብሰል አለበት፤ አቻ ሥጋውን ይጠብቅ ከተባለ ሙጫ ይሆናል። ለአንድ ኩባያ አቻ መረቁ ከሦስት ኩባያ ካነሰም ድስቱ ሥር ይይዛል። የሚኮመጥጠው የከርከዴ ቅጠል የሚገባው አቻው ሊበስል ሲቃረብ ነው፤ ቀድሞ ከገባ ጠቁሮ ይሟሽሻል።

የተረፈው ሲያድር ይጠጥራል። ሲሞቅ ጥቂት መረቅ ጠብ ይደረግበትና በሹካ ይፈታታል።