ከሀዋሳ ሐይቅ ዳር ሆኖ ስለ ዓሣ ነባሪዎች ማስተማር፦ ለተፈጥሮ ክበብ አስተባባሪዎች የተዘጋጀ መመሪያ

ይህ መመሪያ በሀዋሳና በዙሪያዋ ባሉ ትምህርት ቤቶች የተፈጥሮ ወይም የአካባቢ ጥበቃ ክበብ ለሚያስተባብሩ መምህራን የተዘጋጀ ነው። ባሕር አይተው ለማያውቁ ተማሪዎች ስለ ዓሣ ነባሪ አደንና የሰው ልጅ በባሕር እንስሳት ላይ ስላደረሰው ጉዳት ማስተማር ይቻላል፤ ነገር ግን ትምህርቱ በሩቅ አገር ስላሉ እንስሳት አዝኖ ከመለየት ያለፈ እንዲሆን ተማሪው በእጁ የሚይዘው ነገር ያስፈልገዋል። ተማሪዎቹ እንዲረዱት የሚፈለገው ዋና ነገር አንድ ነው፦ እነዚህ እንስሳት አየር የሚተነፍሱና ቀስ ብለው የሚራቡ ሲሆኑ፣ የእኛ መሣሪያ ግን በፍጥነት የሚገድልና የማይደክም ነው። ለሥራው የሚያስፈልጉት 30 ሜትር ገመድ፣ አንድ ጎድጓዳ ሳህን ሽምብራ፣ የብር ማሰሪያ ላስቲኮችና አንድ ያረጀ የዓሣ መረብ ብቻ ናቸው። ትምህርቱን በሦስት የክበብ ስብሰባዎች ከፋፍሎ መስጠት ይመረጣል፤ በአንድ ቀን ከታጨቀ ልጆቹ ቁጥሩን ሰምተው ትርጉሙን ይረሱታል።

በጉማሬ ይጀምሩ። ብዙ ልጆች ዓሣ ነባሪን የሚያውቁት ከነቢዩ ዮናስ ታሪክ በመሆኑ እንደ አንድ ግዙፍ ዓሣ አድርገው ይስሉታል፤ ይህን ግምት በገለጻ ብቻ ለማረም መሞከር ብዙም አይጠቅምም። ከዚያ ይልቅ በሐይቃችን ስላለው ጉማሬ የሚያውቁትን እንዲናገሩ ይጠይቋቸው፦ ውኃ ውስጥ ይውላል፣ ነገር ግን ለመተንፈስ አፍንጫውን ብቅ ያደርጋል፤ አንድ ግልገል ይወልዳል፣ ያጠባል። ከዚህ በኋላ በምድር ላይ ከሚኖሩ እንስሳት ሁሉ ለዓሣ ነባሪ በዝምድና የሚቀርበው ይኸው ጉማሬ መሆኑን ይንገሯቸው። የጋራ ቅድመ አያታቸው የኖረው ከ50 ሚሊዮን ከሚበልጡ ዓመታት በፊት ሲሆን፣ በግብፅ ፋዩም አቅራቢያ በሚገኘው ዋዲ አል ሒታን በተባለ በረሃ ትንንሽ የኋላ እግሮች የነበሯቸው የጥንት ዓሣ ነባሪዎች አፅም ተገኝቷል። ቦታው ከ2005 (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት እንደ ጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው) ጀምሮ በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል።

ቀጥሎ ተማሪዎቹን ወደ ሜዳ ያውጡና ገመዱን ከጫፍ እስከ ጫፍ ያስዘርጉ። ሰማያዊ ዓሣ ነባሪ እስከ 30 ሜትር ገደማ ሊረዝም ይችላል። ከገመዱ አንድ ጫፍ 7 ሜትር ለክተው ድንጋይ ያስቀምጡ፤ ይህ የአዲስ የተወለደ ግልገል ርዝመት ነው። እናቲቱ ብዙውን ጊዜ በሁለት ወይም በሦስት ዓመት አንድ ጊዜ አንድ ግልገል ብቻ ትወልዳለች። እዚህ ላይ ተማሪዎቹ የሚያውቁትን ቆሮሶ ያነጻጽሩ፤ ቆሮሶ በዓመት ደጋግሞ እንቁላል ስለሚጥል ዛሬ ቢሰገር ነገ ሊተካ የሚችልበት ዕድል አለው። ይህን ልዩነት ያልያዘ ተማሪ ቀጥሎ የሚመጣው የአደን ታሪክ አይገባውም።

የአደኑን ታሪክ ሲያስረዱ ከኩራዝ መነሳት ጥሩ ነው፤ አያቶቻቸው በላምባ ሲያበሩ እንደነበሩ ልጆቹ ያውቃሉ። በአውሮፓና በአሜሪካ ላምባ ከመስፋፋቱ በፊት የመብራት ዘይት ይወጣ ከነበረባቸው ነገሮች አንዱ የዓሣ ነባሪ ስብ ነበር። በዚህ ነጥብ ላይ አንድ በሰፊው የሚነገር ስሕተት እንዳይደገም አስተባባሪው በጣም መጠንቀቅ አለበት፤ ይኸውም ነዳጅ ዘይት ሲገኝ ዓሣ ነባሪዎች ከመታደን ዳኑ የሚለው ነው። የሆነው ተቃራኒው ነው። በ1860ዎቹ የኖርዌዩ ስቬን ፎይን በእንፋሎት በሚሄድ መርከብ ላይ የሚጠመድና ጫፉ የሚፈነዳ፣ ሃርፑን የሚባል ባለገመድ ጦር ሥራ ላይ አዋለ፤ በዚህም ቀደም ሲል በፍጥነታቸው ያመልጡ የነበሩት ትልልቆቹ ዝርያዎች ጭምር ተደረሰባቸው። በ20ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ደግሞ ፈሳሹን ዘይት አርግቶ በቅቤ ፈንታ የሚበላውን ማርጋሪን መሥራት ስለተቻለ፣ መብራቱ የተወውን ዘይት የምግብና የሳሙና ፋብሪካዎች ተሻሙበት። ከ1925 ጀምሮ ኋላቸው ተከፍቶ ሬሳውን በቀጥታ ወደ ላይ የሚጎትቱ የፋብሪካ መርከቦች ወደ አንታርክቲካ ባሕር ሲዘምቱ፣ ወደብ መመለስ እንኳ አላስፈለጋቸውም። በ1930/31 የአደን ወቅት ብቻ በዚያ ባሕር ከ29,000 በላይ ሰማያዊ ዓሣ ነባሪዎች ተገድለዋል፤ በክፍለ ዘመኑ በጠቅላላ የተገደሉት የሁሉም ዝርያ ትልልቅ ዓሣ ነባሪዎች 2.9 ሚሊዮን ገደማ እንደሚሆኑ ይገመታል። ሞተሩና ፋብሪካው በመጡበት ዘመን ያለቀው ቁጥር በመቅዘፊያና በሸራ ዘመን ካለቀው በእጅጉ ይበልጣል፤ ይህን ተማሪዎቹ ደጋግመው ሊሰሙት ይገባል።

ቁጥሩን ወደ እጃቸው የሚያመጣው የሽምብራው ሥራ ነው። 100 ፍሬ ሽምብራ ቆጥረው በሳህኑ ውስጥ ያድርጉ፤ አራት ተማሪዎች የአራት መርከቦች አዛዥ ይሁኑ። ደንቡ በአንድ ዙር በጠቅላላው 16 ፍሬ ብቻ ይነሣል የሚል ነው፤ ማን ስንት ያንሣ የሚለው ግን አልተወሰነም፤ ፊሽካ ሲነፋ የፈጠነ ይወስዳል። እያንዳንዱ ዙር ሲያበቃ በሳህኑ ለቀረው ለእያንዳንዱ 20 ፍሬ አንድ ፍሬ ይጨምሩ፤ ከ20 በታች ለሆነው ትርፍ ምንም አይጨመርም። ቁጥሩን በሰሌዳ ላይ አንድ ተማሪ ይጻፍ፦ ከመጀመሪያው ዙር በኋላ 88፣ ከዚያ 75፣ ከዚያ 61፣ 47፣ 32፣ 16፤ በሰባተኛው ዙር ሳህኑ ባዶ ይሆናል። ማንም ደንብ አልጣሰም። ልጆቹ ይህን ሲያዩ ብዙውን ጊዜ የሚጣሉት እርስ በርሳቸው ነው፤ ጥሉን ቶሎ አያብርዱት፤ የሚያስተምራቸው እሱ ነውና። ከዚያ ሥራውን በአንድ ዙር 4 ፍሬ ብቻ በማንሣት ይድገሙት፤ ሳህኑ ሁልጊዜ ወደ 100 ይመለሳል። በመጨረሻ 20 ፍሬ ብቻ አስቀርተው ምንም ሳይነሣ እንዲጨመር ያድርጉ፤ 40 ለመድረስ 20 ዙር ይፈጃል። ጨዋታው ቀለል ያለ ምሳሌ መሆኑን፣ እውነተኛው የመራባት ፍጥነት ከዝርያ ዝርያ እንደሚለያይ መንገርም ተገቢ ነው።

ሽምብራው ከታሪኩ የራቀ አይደለም። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ለአንታርክቲካ የተወሰነው የመጀመሪያው ኮታ 16,000 «የሰማያዊ ዓሣ ነባሪ መለኪያ» ነበር፤ አንዱ ሰማያዊ ሁለት ፊን፣ ወይም ሁለት ተኩል ሃምፕባክ፣ ወይም ስድስት ሴይ ዓሣ ነባሪ ተብሎ ይቆጠር ነበር። ኮታው ለየመርከቡ ሳይከፋፈል በጅምላ የተሰጠ ስለነበር እያንዳንዱ መርከብ ሌላው ሳይቀድመው ለመግደል ይሽቀዳደም ነበር፤ መለኪያው ደግሞ ዝርያዎቹን ስለማይለይ እየጠፋ ያለውን ዝርያ የሚያተርፍ ምንም ነገር አልነበረውም። የአንታርክቲካ ሰማያዊ ዓሣ ነባሪዎች ከ200,000 በላይ ከነበሩበት በ1970ዎቹ መጀመሪያ ወደ ጥቂት መቶዎች ወርደዋል።

ስለ ሕጉ ብዙ መዘርዘር አያስፈልግም፤ አራት ዓመታት ይበቃሉ። በ1946 የዓሣ ነባሪ አደንን ለመቆጣጠር ዓለም አቀፍ ስምምነት ተፈረመ፤ በ1966 ሰማያዊ ዓሣ ነባሪ እንዳይታደን ተከለከለ፤ በ1982 ዓለም አቀፉ የዓሣ ነባሪ ኮሚሽን የንግድ አደን እንዲቆም ወሰነ፤ ውሳኔውም ከ1986 ጀምሮ ተፈጻሚ ሆነ። ኖርዌይና አይስላንድ ዛሬም በውሳኔው አይገደዱም፤ ጃፓን በ2019 ከኮሚሽኑ ወጥታ የንግድ አደኗን በራሷ የባሕር ክልል ቀጥላለች። በአላስካ፣ በግሪንላንድና በመሳሰሉት የሚኖሩ ነባር ሕዝቦች ለምግባቸው የሚያድኑት በተለየ ኮታ የሚፈቀድ ስለሆነ፣ ተማሪዎች ሁለቱን እንዳያምታቱ ያድርጉ፤ ለዘመናት በባሕሩ የኖረ ሕዝብና የማርጋሪን ፋብሪካ በአንድ ሚዛን አይቀመጡም። አንድ ነገር ግን ሳይነሣ መታለፍ የለበትም፦ የሶቭየት ኅብረት መርከቦች ለአሥርተ ዓመታት የሐሰት ሪፖርት እየላኩ ከ150,000 በላይ ዓሣ ነባሪዎችን በስውር ገድለዋል፤ ይህን በ1993 ለዓለም ያጋለጠው ሩሲያዊው ሳይንቲስት አሌክሲ ያብሎኮቭ ነው። ቆጣሪ የሌለው ኮታ ዋጋ እንደሌለው ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አላውቅም።

የሁለተኛውን ስብሰባ በመልካም ዜና ይክፈቱ፤ ተስፋ ያላየ ልጅ አይከታተልምና። በደቡብ አትላንቲክ በብራዚል በኩል ያሉት ሃምፕባክ ዓሣ ነባሪዎች ወደ 450 ገደማ ወርደው ከነበሩበት አደኑ ከቆመ በኋላ ወደ 25,000 ገደማ አንሠራርተዋል። ይህን ካዩ በኋላ፣ ታዲያ ዛሬ የሚገድላቸው ምንድን ነው ብለው ይጠይቁ። ልጆቹ አብዛኛውን ጊዜ «ጦር» ብለው ይመልሳሉ፤ መልሱ ግን መረብ ነው። በየዓመቱ 300,000 ገደማ ዓሣ ነባሪዎች፣ ዶልፊኖችና ፖርፖይዞች (ዶልፊን መሰል ትንንሽ እንስሳት) ለሌላ ዓሣ በተጣለ መረብና ገመድ ተይዘው እንደሚሞቱ ይገመታል። የሚሞቱት ለመተንፈስ ወደ ላይ መውጣት ስለሚያቅታቸው ነው።

ላስቲኩ የሚያስፈልገው እዚህ ነው። እያንዳንዱ ተማሪ ላስቲኩን በትንሿ ጣቱ ላይ አጥልቆ፣ በእጁ ጀርባ አዙሮ አውራ ጣቱ ላይ ያሳርፈው፤ ከዚያም ሌላውን እጁን፣ ጥርሱንና ጠረጴዛውን ሳይጠቀም ያውልቀው። ብዙዎቹ ሲታገሉ ላስቲኩ ይበልጥ ያጠብቅባቸዋል። ከዚያ ያረጀውን መረብ ዘርግተው ክሩን በጣታቸው እንዲዳስሱት ያድርጉ፤ የናይለኑ ክር ከስፌት ክር ብዙም የማይወፍር ሆኖ ሳለ በእጅ አይበጠስም፤ በዓይኖቹ መካከልም የደረቀ የዓሣ ቅርፊት ተጣብቆ ይታያል። ቅርፊቱን ያዩ ልጆች የሚጠይቁት ጥያቄ ከማንኛውም ገለጻ ይበልጣል።

በዚህ ጊዜ ሁለት እንስሳትን ይንገሯቸው። በሜክሲኮ የካሊፎርኒያ ባሕረ ሰላጤ ብቻ የምትኖረው ቫኪታ የምትባል ትንሽ ፖርፖይዝ ቶቶአባ ለሚባል ዓሣ በሚጣል መረብ እየሞተች አሥር ገደማ ብቻ ቀርታለች፤ እሷን ራሷን ለመግደል የወጣ አዳኝ ግን ኖሮ አያውቅም። በቻይና ያንግትዜ ወንዝ ይኖር የነበረው ባይጂ የተባለ ዶልፊን ደግሞ በመንጠቆ፣ በመርከብና በግድብ ተመናምኖ በ2006 በተደረገው ፍለጋ አንድም አልተገኘም። ባይጂ የባሕር እንስሳ አልነበረም፤ በከተሞች መካከል በሚፈስስ ወንዝ ነበር የሚኖረው። ለሐይቅ ዳር ልጆች ከሁሉም የሚቀርበው ይኸኛው ነው ብዬ አምናለሁ።

የመርከብ ግጭትና ድምፅ በአጭሩ ይነገሩ። በሰሜን አትላንቲክ የቀሩት ራይት ዓሣ ነባሪዎች 400 እንኳ የማይሞሉ ሲሆን፣ በአሜሪካ ጠረፍ በተወሰኑ ቦታዎችና ወቅቶች ትልልቅ መርከቦች ከ2008 ጀምሮ ፍጥነታቸው ከ10 ኖት፣ ማለትም በሰዓት ከ18.5 ኪሎ ሜትር ገደማ እንዳይበልጥ ታዝዟል። ድምፅ በውኃ ውስጥ ከአየር ከአራት እጥፍ በላይ ስለሚፈጥን የመርከብ ሞተር በሩቅ ይሰማል። በመስከረም 2001 በአሜሪካ ላይ ከደረሰው ጥቃት በኋላ የመርከብ ጉዞ ለጥቂት ቀናት ሲቀንስ፣ በካናዳ ፈንዲ ባሕረ ሰላጤ የነበሩት የእነዚሁ ዓሣ ነባሪዎች የጭንቀት ሆርሞን መቀነሱን ተመራማሪዎች ከዓይነ ምድራቸው መርምረው አረጋግጠዋል።

ስለ ፕላስቲክ ሲያስተምሩ እውነቱን ይናገሩ። «ፌስታላችሁ ዓሣ ነባሪ ይገድላል» ብሎ ማስፈራራት ለሀዋሳ ልጅ ትክክል አይደለም፤ ሐይቁ መውጫ ወንዝ የለውም፤ በጥቁር ውሃና በጎርፍ የገባው ቆሻሻ ወደ ባሕር አይደርስም። አዋሽም ቢሆን በአቤ ሐይቅ ያበቃል። ወደ ሜዲትራኒያን የሚሻገረው የዓባይ፣ የተከዜና የባሮ ውኃ ነው። ለእኛ ይህ የሚያጽናና ነገር አይደለም፤ መውጫ የሌለው ሐይቅ የገባበትን ሁሉ ያስቀራል፤ የሚከፍሉትም የራሳችን ቆሮሶ፣ አምባዛና ወፎች ናቸው።

ሦስተኛው ስብሰባ በሐይቁ ዳርቻ የተጣለ መረብ መልቀም ነው። ከሁሉ በፊት የዓሣ አስጋሪዎችን ማኅበር ያነጋግሩና አንድ ልምድ ያላቸው አስጋሪ አብረው እንዲወጡ ይጠይቁ፤ በውኃ ውስጥ ያለ መረብ የሰው እንጀራ ሊሆን ስለሚችል የተጣለውን ከተዘረጋው የሚለዩት እሳቸው ናቸው። ልጆቹም በሐይቁ ዳር ባለው የዓሣ ገበያ፣ በአሞራ ገደል፣ እሳቸውን እንዲጠይቁ ያድርጉ፦ መረብ በደንገል ሲያዝ ምን ያደርጋሉ፤ የመረቡ ዓይን በልጅነታቸው ጊዜ ከነበረው ጠብቧል ወይ? ጉማሬዎች ከምሽት እስከ ማለዳ ለግጦሽ ስለሚወጡ ሥራው ከጠዋቱ 3 ሰዓት እስከ 9 ሰዓት ባለው ጊዜ ይሁን፤ ማንም በጉማሬና በውኃ መካከል አይቁም። ቢልሃርዝያ ስላለ ማንም ተማሪ ውኃ ውስጥ አይግባ፤ ቦቲና ጓንት የሌለው ከዳርቻው ርቆ መዝጋቢ ይሁን። ለተገኘው ለእያንዳንዱ መረብ ርዝመቱን፣ ከቋጠሮ እስከ ቋጠሮ ያለውን የዓይኑን ስፋትና ውስጡ የተገኘውን እንስሳ ሁሉ፣ አፅምም ቢሆን፣ በደብተር ያስመዝግቡ። ናይለን ሲቃጠል መርዛማ ጭስ ስለሚያወጣ የተለቀመው መረብ አይቃጠልም፤ ተቆራርጦ በማዳበሪያ ከረጢት ይታሰርና ማኅበሩ በሚያሳይዎት ቦታ ይረከብልዎት፤ የመዝገቡን አንድ ቅጂም ለማኅበሩ ይስጡ።