ጅማ ላይ ፊልም የምትቀርጹ ሳውንድማኖች፣ እነዚህን ስህተቶች ተዉ

ከሁሉም የሚብሰው ስህተት ዝም ማለት ነው። ተዋናዩ ዋናውን ንግግር ሲናገር ባጃጅ ያልፋል። ዳይሬክተሩ «ቆንጆ ነው፣ ቀጥሉ» ይላል። ሳውንድማኑ ሰምቷል፣ ግን አዲስ ስለሆነ፣ «ይሄ ልጅ ያስቸግራል» እንዳይባል ፈርቶ አቀርቅሮ ያልፈዋል። ኧረ ተዉ! እናንተ ካልተናገራችሁ ማን ሊናገር ነው? ችግሩን የሚያገኘው ከወር በኋላ 350 ኪሎ ሜትር ርቆ አዲስ አበባ የተቀመጠው ኤዲተር ነው፤ ያኔ ተዋናዩን ለዳቢንግ፣ ማለትም ንግግሩን ስቱዲዮ ውስጥ እንደገና ለመቅዳት፣ ፈልጎ ማምጣት ሌላ ወጪ ነው። ቀረጻ መሃል አታቋርጡ። «ከት» እስኪባል ጠብቁና አጠር አድርጋችሁ ንገሩ፦ «ሁለተኛው ንግግር ላይ ባጃጅ ገብቷል፣ አንዴ ድገሙልኝ።» እምቢ ካሉ ሪፖርታችሁ ላይ ጻፉት።

ሎኬሽን ሳይሰሙ መቀበልም የተለመደ ነው። ዳይሬክተሩና ካሜራማኑ አይተው ወደዱት፣ በቃ ተወሰነ። ቦታው ላይ ቀድማችሁ ሄዳችሁ፣ ቀረጻው በሚደረግበት ሰዓት ዓይናችሁን ጨፍናችሁ አዳምጡ። ጅማ ደግሞ የዝናብ አገር ናት። ቆርቆሮ ጣሪያ ላይ የሚወርድ ዝናብን ከንግግር ሥር አጽድቶ የሚያወጣ ሶፍትዌር አትጠብቁ። ክረምት ላይ የምትቀርጹ ከሆነ ረጅም ንግግር ያለባቸው ሲኖች ኮርኒስ ያለው ቤት እንዲሆኑላችሁ አስቀድማችሁ ጠይቁ። የአዛን ሰዓትም በየወቅቱ ይቀያየራል። የየዕለቱን ሰዓት ይዛችሁ ለረዳት ዳይሬክተሩ ስጡት፣ በተለይ የአርብ ቀትርን፤ በዚያ ሰዓት ምሳ ይበላ ወይም ንግግር የሌለው ሾት ይቀረጽ። ጅሬን ላይ ያለውን የአባ ጅፋር ቤተ መንግሥት የመሰለ የእንጨት ሕንፃ ከሆነ ደግሞ ወለሉ ሲረገጥ ይጮሃል። ምንጣፍ አስፈቅዳችሁ አንጥፉ፣ ከካሜራ ጀርባ ያለው ሰው ጫማውን ያውልቅ።

ማይክ ማራቅ። ርቀቱ በእጥፍ ሲጨምር ድምፁ በ6 ዲሲቤል ገደማ ይቀንሳል፣ የክፍሉ ጫጫታ ግን ባለበት ነው። ስለዚህ ቮሊዩም መጨመር ጫጫታውንም አብሮ መጨመር ነው። ካሜራማኑን የፍሬሙ ጠርዝ የት እንደሆነ ጠይቁት፣ ቡሙን፣ ማይኩ የታሰረበትን ረጅም ዘንግ፣ እስከዚያ ድረስ አውርዱ።

ላቫሊየር፣ ልብስ ላይ የምትሰካው ትንሽ ማይክ፣ ላይ ብቻ መተማመንም አያዋጣም። ነጠላ፣ ጋቢ፣ ሂጃብ፣ ሁሉም ይንሿሿሉ። ከአልባሳት ባለሙያዋ ጋር ቀድማችሁ ተነጋገሩ። ማይኩን ስትሰኩ ደግሞ ምን እንደምታደርጉ ለተዋናይዋ ንገሯት፣ አስፈቅዷት፤ በሴት ባለሙያ ይሰካልኝ ካለች መብቷ ነው።

ስክሪፕት ሳያነቡ ቡም መያዝ ሌላው ነው። ቀጥሎ ማን እንደሚናገር ካላወቃችሁ ቡሙ ሁልጊዜ ዘግይቶ ይደርሳል። እዚህ ከአማርኛ ወደ አፋን ኦሮሞ በአንድ ሲን ውስጥ መሸጋገር ያለ ነው። አፋን ኦሮሞ ላይ የአናባቢው ማጠርና መርዘም ብቻ ትርጉም ይለውጣል፣ የታፈነች አንዲት ቃል ጉድ ታፈላለች። ቋንቋውን የማትችሉ ከሆነ ከሚችል ሰው ጋር ቁጭ ብላችሁ አንብቡት።

ሪከርደሩ ባለ 32 ቢት ፍሎት ነው፣ ማለትም በጣም ከፍ ያለውንም ዝቅ ያለውንም ድምፅ ይይዛል፣ ብሎ መዘናጋትም አለ። ሪከርደሩ ሌቭል (የድምፅ መጠን) ያድንላችሁ ይሆናል፤ ትራንስሚተሩ፣ ተዋናዩ ላይ የሚታሰረው የገመድ አልባ ማይክ ላኪ፣ ላይ ከልክ በላይ ጮሆ የተበላሸ ድምፅ ግን ተበላሽቶ ነው የሚገባው። ጩኸት ያለበትን ሲን ልምምድ ላይ በሙሉ ድምፅ እንዲሉት አድርጉ። በ24 ቢት የምትቀርጹ ከሆነ መደበኛ ንግግርን ከዜሮ (ከሪከርደሩ መለኪያ ጣሪያ) በታች ከ20 እስከ 12 ዲሲቤል አካባቢ ያዙት፣ ለጩኸቱ ቦታ ይተርፋል። ሳምፕል ሬቱ (ድምፁ በሰከንድ ስንት ጊዜ እንደሚለካ) 48 ኪሎ ኸርዝ ይሁን።

ማንም ሳይናገር የክፍሉን ባዶ ድምፅ መቅረጽ አትርሱ፤ ኤዲተሩ በንግግሮች መሃል ክፍተት ይሞላበታል። ሁሉም ባለበት ቆሞ ከ30 ሰከንድ እስከ 1 ደቂቃ። ሰው ዕቃ መሰብሰብ ከጀመረ በኋላ አይሆንም።

ጩኸቱ እንዳይገባባችሁ ፍሪጅ ካስጠፋችሁ የመኪና ቁልፋችሁን ውስጡ አስቀምጡ። ሳታበሩት አትሄዱም፣ የቤቱ ባለቤትም ሥጋ አይበላሽም።

ስለ ገንዘብ አፍሮ ዝም ማለትም ብዙ ጎበዝ ልጆችን ከሙያው አስወጥቷል። የእናንተ የቀን ክፍያ ሌላ፣ የዕቃው ኪራይ ሌላ። ለየብቻ ጻፉት፣ ቀረጻ ሳይጀመር አስፈርሙ፣ የሥራ ሰዓቱና ዕቃ ቢሰበር ማን እንደሚከፍል ይጠቀስ። ማታ ደግሞ ድካም ሲጫናችሁ ካርዱን ሁለት ቦታ ሳትገለብጡ ፎርማት አታድርጉ። ኤዲተሩ «ደርሶኛል፣ ከፍቼ ሰምቼዋለሁ» እስኪል ድረስ የራሳችሁን ቅጂ አትደምስሱ።