የስኮፕ ሪንግ ከፍታ ሲሳሳት፦ ምልክቱ፣ ምክንያቱ፣ መፍትሄው

እዚህ ኮሎራዶ የኤልክና (የአጋዘን ትልቅ ዘመድ ነው) የአጋዘን አደን ወቅት ሲቃረብ ስልኬ ስራ ይበዛበታል፣ አብዛኛው ደዋይ የሚለው ደሞ "ስኮፑ ተበላሽቷል መሰለኝ፣ ልመልሰው እንዴ?" ነው። ጠመንጃውን አምጣውና እንየው ብዬ ሳየው ብዙ ጊዜ ስኮፑ (ጠመንጃው ላይ የሚገጠመው የማነጣጠሪያ መነጽር) ደህና ነው፣ ችግሩ የሚገኘው ስኮፑን የያዙት ሁለት ሪንጎች ጋ ነው፣ ወይ በጣም ረዝመዋል ወይ በጣም አጥረዋል። ደህና ስኮፕ በሪንግ ምክንያት ሲታማ ያሳዝነኛል፣ ሰውየውም ወቅቱ ያልፍበታል፣ ቋንጣ ሊሆን የሚገባው ስጋም ጾመ ነቢያት ሳይገባ ሳይመጣ ይቀራል። ስለዚ ከምልክቱ ተነስተን ምክንያቱን እንፈልግ።

ከሁሉም በፊት ጠመንጃውን አራግፉ። ጥይቱን ሁሉ አውጡ፣ ቦልቱን (ጥይት የሚያጎርሰውን ባለ እጀታ ብረት) ከፍታችሁ ባዶ መሆኑን በአይንም በጣትም አረጋግጡ፣ ጥይቶቹን ሌላ ክፍል ወስዳችሁ አስቀምጡ። ከታች ያለው ፍተሻ በሙሉ የሚሰራው በባዶ ጠመንጃ ነው፣ ተኩሱ የተኩስ ሜዳ ስንሄድ ይደርሳል።

ምልክት፦ ስኮፑ ውስጥ ሳይ ጥቁር ጥላ ይመጣል፣ አንገቴን ካላንቀሳቀስኩ አይጠራም

ይሄ ዋናው ነው፣ ረጋ ብለን እንየው። መጀመሪያ የጥላውን ቅርጽ ለዩ። ጥቁሩ ዙሪያውን እኩል ከሆነና ምስሉ መሀል ላይ እንደ ሳንቲም አንሶ ከታየ ጉዳዩ የከፍታ አይደለም፣ አይናችሁ ከስኮፑ ያለው ርቀት ነው፣ ስኮፑን ሪንጉ ውስጥ ወደፊት ወይ ወደኋላ ማንሸራተት ይበቃል። ጥላው ግን እንደ ግማሽ ጨረቃ ከላይ ወይ ከታች ብቻ ከመጣ ከፍታው ነው።

ፍተሻው እንዲህ ነው፦ አይናችሁን ጨፍኑ፣ ሰደፉን ትከሻችሁ ላይ አርጉ፣ ጉንጫችሁን እንደሚመቻችሁ ሰደፉ ላይ አሳርፉና ከዛ አይናችሁን ግለጡ። ምንም ሳትንቀሳቀሱ ሙሉ ምስል ካያችሁ ከፍታው ለናንተ ልክ ነው። ጭንቅላታችሁን ቀና ስታረጉ የሚጠራ ከሆነ ሪንጉ ረዝሟል፣ ጉንጫችሁን ሰደፉ ላይ ስትጨፈልቁት የሚጠራ ከሆነ ደሞ አጥሯል። አምስት ስድስት ጊዜ ደጋግሙት፣ ምክንያቱም ሰውነት ሳናውቀው ራሱን ያስተካክላል፣ እኛ የምንፈልገው ደሞ ጠዋት በብርድ፣ ኤልኩ ድንገት ከጫካው ሲወጣ፣ ሳናስብ የምንይዘውን አያያዝ ነው።

አውሮራ የሚኖሩ ጋሼ የምላቸው ሰው ባለፈው አመት ጋራዣቸው ጠሩኝ። ሀገር ቤት ልጅ ሆነው በአባታቸው ምንሽር ማነጣጠር የተማሩ ናቸው። "አንተ ልጅ፣ በምንሽር እኮ እንዲህ አንገቴን አሰግጌ አላውቅም፣ ይሄ መነጽር ምን ሆኖ ነው?" አሉኝ። እውነታቸውን ነው። የድሮ ጠመንጃ የሚነጣጠረው በብረት ማነጣጠሪያው ስለሆነና ብረቱ ደሞ በርሜሉ ላይ ተለጥፎ ስላለ፣ ሰደፉም ጉንጭ ዝቅ ብሎ እንዲያርፍበት ተደርጎ ነው የሚሰራው። ስኮፕ ሲመጣ የምናይበት መስመር 4 እና 5 ሴንቲሜትር ከበርሜሉ መሀል ከፍ ይላል፣ ጉንጭ ሰደፉን ይለቅና አገጭ ብቻ ይነካል። የጋሼ አዲሱ ጠመንጃ ላይ የፊት ሌንሱና በርሜሉ መሀል እርሳስ አስገባሁ፣ ምንም ሳይነካ በሌላኛው በኩል ወጣ። ያን ያህል ክፍተት ለምንም አያስፈልግም። በ5 ሚሊሜትር ዝቅ የሚል ሪንግ ቀየርንላቸው፣ ጨፍነው አነጣጠሩና አይናቸውን ሲገልጡ "እንዲህ ነው እንጂ!" ብለው ከጠመንጃው ላይ ቀና ማለት አልፈለጉም።

ሪንጉን ዝቅ ማረግ የማይቻል ከሆነ፣ ለምሳሌ የፊት ሌንሱ ትልቅ ስለሆነ፣ መፍትሄው ሰደፉን ከፍ ማረግ ነው። በማሰሪያ የሚታሰር የጉንጭ ትራስ ይሸጣል፣ ካልሆነም የዮጋ ምንጣፍ ቆርጣችሁ በላዩ ላይ ፕላስተር ብትጠቀልሉበት ያው ስራ ይሰራል። አንድ ነገር ብቻ፣ ትራሱ ከፍ ሲል ቦልቱ ወደኋላ ሲሳብ እንዳይነካው እዩ።

ምልክት፦ ኢላማው ላይ ጥይቶቹ ወደላይና ወደታች ይበታተናሉ

ምክንያቱ ሌላም ሊሆን ይችላል፣ ጥይቱ፣ የላላ ብሎን፣ ቃታ አሳሳብ። ግን አያያዛችሁ በየተኩሱ የሚለያይ ከሆነ ፓራላክስን ጠርጥሩ፣ አይን ከስኮፑ መሀል ሲወጣ መስቀሉ ኢላማው ላይ የተንቀሳቀሰ የሚመስልበት ነገር ነው። ጠመንጃውን አሸዋ ከረጢት ላይ አስቀምጡት፣ እጃችሁን አንሱ፣ በስኮፑ እያያችሁ ጭንቅላታችሁን ብቻ ትንሽ ወደላይና ወደታች አርጉ። መስቀሉ ኢላማው ላይ የሚንሸራሸር ከመሰለ ያ ነው። ብዙ የአደን ስኮፖች ፓራላክሳቸው 100 ያርድ ላይ ተስተካክሎ ስለሚመጣ እዛ ርቀት ላይ ብዙም አይታይም፣ 250 እና 300 ያርድ ላይ ግን አይናችሁ አንዴ ከመሀል ዝቅ አንዴ ከፍ ካለ ምቱም ይከተላል። ጉንጭ በእርግጠኝነት የሚያርፍበት ቦታ ከሌለው አይንም አንድ ቦታ አይውልም። መፍትሄው ከላይ ያለው ነው፣ ስኮፑ የጎን ማስተካከያ ካለው ደሞ ለርቀቱ አስተካክሉት።

ምልክት፦ መጀመሪያ ደህና ይመታል፣ በርሜሉ ሲሞቅ ምቱ ይሄዳል

በፊት ሌንሱ ቀፎና በርሜሉ መሀል ወረቀት አሳልፉ። ከያዘው ተነካክተዋል ማለት ነው፣ በርሜሉ ሲተኮስ ይርገበገባል፣ ሲሞቅ ይለጠጣል፣ የሚነካው ነገር ካለ ምቱን ያዛባል፣ ስኮፑንም ይጎዳል። ወረቀት ማለፉ ራሱ አይበቃም፣ እኔ የምጠቀመው የባንክ ካርድ ነው፣ አንዱ 0.76 ሚሊሜትር ስለሆነ ሶስቱ ተደራርበው ወደ 2.3 ሚሊሜትር ይሆናሉ። ሶስት ካርድ ሳይጨናነቅ ካለፈ ይበቃችኋል። የሌንስ ክዳን የምትገጥሙ ከሆነ ክዳኑ ገብቶ ነው መለካት ያለበት፣ ይሄን ረስቶ ክዳኑ አልገባ ያለው ሰው ብዙ ነው። በርሜሉ ላይ የብረት ማነጣጠሪያ ያለው ጠመንጃ ከሆነ ደሞ ቀፎው እሱንም እንዳይነካ። ክፍተቱ ካልበቃ ሪንጉ ይርዘም ወይ የፊት ሌንሱ ይነስ፣ ሌላ መንገድ የለም።

ምልክት፦ "ሚዲየም" ብዬ ገዛሁ፣ ግን ልክ አልሆነም

እዚህ ጋ ነው ሰው ሁሉ ገንዘቡን የሚያቃጥለው። ሎው፣ ሚዲየም፣ ሃይ የሚሉት ቃላት የጋራ ስታንዳርድ የላቸውም፣ የአንዱ ሚዲየም የሌላው ሎው ሊሆን ይችላል። ከዛ የባሰው ደሞ ቁጥር ሲጽፉም የሚለኩት ከተለያየ ቦታ መሆኑ ነው፣ አንዱ ከሬሉ (ሪንጉ የሚታሰርበት ጠመንጃው ላይ ያለው ሀዲድ) አናት እስከ ስኮፑ ቱቦ መሀል ይለካል፣ ሌላው ከሬሉ አናት እስከ ቱቦው ስር። ልዩነቱ የቱቦው ግማሽ ነው፣ ባለ 30 ሚሊሜትር ቱቦ ከሆነ 15፣ ባለ 1 ኢንች ከሆነ 12.7 ሚሊሜትር። እኔ ራሴ ይሄን ሳላውቅ በፊት በቁጥር ተማምኜ አዝዤ ሁለቴ መልሻለሁ።

ስለዚ ሳትገዙ ለኩ። ካሊፐርና ቀጥ ያለ የብረት ማስመሪያ ይበቃል። ማስመሪያውን ሬሉ ላይ አጋድማችሁ ወደፊት በበርሜሉ ላይ እንዲዘረጋ አርጉ፣ የስኮፑ ቀፎ የሚያርፍበት ቦታ ላይ ከማስመሪያው ስር እስከ በርሜሉ ያለውን ክፍተት ለኩ። ከዛ የቀፎውን የውጭ ስፋት ለኩ፣ ስኮፑ ላይ ለምሳሌ 50 ተብሎ የተጻፈው የፊት መስታወቱ ስፋት በሚሊሜትር ነው፣ ቀፎው ራሱ ከዛ ይሰፋል። የቀፎውን ስፋት ለሁለት አካፍሉ፣ 2.5 ሚሊሜትር ጨምሩ፣ የለካችሁትን ክፍተት ቀንሱ፣ የቀረው ከሬሉ እስከ ቱቦው መሀል የሚያስፈልጋችሁ ትንሹ ቁመት ነው።

በአንድ ወዳጄ ባለ 50 ስኮፕ እንየው። ቀፎው 57 ሚሊሜትር ወጣ፣ ግማሹ 28.5፣ ሲደመር 2.5 ይሆናል 31፣ ክፍተቱ 9 ስለነበር 22 ሚሊሜትር። ቱቦው ባለ 30 ስለሆነ እስከ ስሩ የሚለካ አምራች ጋ 7 ሚሊሜትር የሚል መፈለግ አለበት ማለት ነው። እዛው ጠመንጃ ላይ ቀፎው 47 የሆነ ባለ 40 ስኮፕ ቢሆን ኖሮ 17 ሚሊሜትር ይበቃ ነበር። 5 ሚሊሜትር ለጉንጭ ብዙ ነው፣ ለዚህ ነው ለአደን ባለ 40 ወይ ባለ 42 የምመርጠው፣ ኤልክ ለማየት ከበቂ በላይ ነው።

ሬላችሁ 20 ኤምኦኤ (አንዱ የዲግሪ አንድ ስልሳኛ ነው) ያዘነበለ ከሆነ የስኮፑ ፊት ትንሽ ዝቅ ይላል፣ በ15 ሴንቲሜትር ርዝመት ላይ ወደ 0.9 ሚሊሜትር። ማስመሪያው ሬሉ ላይ ስለተኛ ዝንባሌውን አብሮ ይለካዋል፣ የተለየ ሂሳብ አያስፈልግም። ሌላው፣ ፒካቲኒና ዊቨር ሁለት የሬል (የቤዝ) አይነቶች ናቸው፣ የፒካቲኒ ሪንግ የዊቨር ቤዝ ላይ ላይገባ ይችላል፣ የፒካቲኒ ጎድጓዳ 5.2፣ የዊቨር 4.6 ሚሊሜትር ገደማ ስለሆነ ማሰሪያው ብረት ይወፍርበታል፣ አታስገድዱት። ስሩ ክፍት ሆኖ በሱ በኩል በብረቱ እንድታዩ የተሰራውን ረጅም ሪንግ ደሞ እኔ አልመክርም፣ ሁለቱንም እይታ ልስጥ ብሎ ጉንጭን ከሰደፉ ያለያያል።

ምልክት፦ ቦልቱ ስኮፑን ይመታል፣ ወይ ጣቴ በመሀላቸው ይያዛል

እጀታው 90 ዲግሪ ድረስ የሚነሳ ጠመንጃ ላይ ይበዛል፣ 60 ዲግሪ የሚነሳው ላይ ያንሳል። የኋላ ቀፎው (በአይን በኩል ያለው) ከቦልቱ እጀታ በላይ ክፍተት ይፈልጋል። የማጉያ ቀለበቱን ከዝቅተኛው እስከ ከፍተኛው እያዞራችሁ ቦልቱን ክፈቱ፣ ቀለበቱ ላይ እጀታ ካለ አንድ ማጉያ ላይ ብቻ ሊጋጭ ይችላል። ጓንት አርጋችሁም ሞክሩት። 2 ሚሊሜትር ከፍ የሚል ሪንግ ወይ ስኮፑን ትንሽ ወደፊት መግፋት ይፈታዋል።

ምልክት፦ ሲተኮስ ቅንድቤን መታኝ

ዋናው ምክንያት የአይን ርቀት ነው፣ ግን ከፍታው የተሳሳተ ሪንግ ሰውን አንገቱን ወደፊት እንዲያሰግግ ስለሚያረገው አብሮ ጥፋተኛ ነው። መጀመሪያ ከፍታውን አስተካክሉ፣ ከዛ ስኮፑን በከፍተኛው ማጉያ ላይ አርጋችሁ፣ የአደን ጃኬታችሁንና በላዩ የሚለበሰውን ብርቱካናማ ሰደሪያ ለብሳችሁ ርቀቱን ለኩ፣ 9 ሴንቲሜትር አካባቢ ለብዙ ስኮፕ ጥሩ ነው። በቲሸርት የለካ ሰው ህዳር ላይ ሌላ ርቀት ያገኛል። ተኝታችሁ ሽቅብ ስትተኩሱ ፊታችሁ ወደ ስኮፑ ስለሚቀርብ እሱንም በባዶ ጠመንጃ ሞክሩት።

ምልክት፦ 100 ያርድ ላይ ልክ ነው፣ 25 ያርድ ላይ ግን ዝቅ ይላል

ይሄ ብልሽት አይደለም። ጥይቱ የሚነሳው ከስኮፑ ስር ነው፣ ቅርብ ላይ ገና ወደ እይታ መስመሩ አልደረሰም። ጥይቱ 308 የሚባለው የአደን ጥይት ከሆነ ስኮፑ ከበርሜሉ መሀል 1.5 ኢንች ሲርቅ 25 ያርድ ላይ 0.7 ኢንች ገደማ፣ 2 ኢንች ሲርቅ ደሞ 1.1 ኢንች ገደማ ዝቅ ይላል። 300 ያርድ ላይ ያ የግማሽ ኢንች ከፍታ ምቱን 1 ኢንች ወደላይ ያመጣዋል። ለኤልክ ይሄ ልዩነት ኢምንት ስለሆነ ለዚህ ብላችሁ ሪንግ አትምረጡ፣ ጉንጫችሁን አዳምጡ። የተኩስ አፕ የምትጠቀሙ ከሆነ ግን ከበርሜሉ መሀል እስከ ስኮፑ መሀል ለክታችሁ የራሳችሁን ቁጥር አስገቡ፣ አፑ ሲከፈት ያለውን 1.5 እንዳለ አትተዉት።

ስትገጥሙ የሪንጉን ቪቴዎች ግራ ቀኝ እያፈራረቃችሁ አጥብቁ፣ በሁለቱም በኩል ያለው ክፍተት እኩል ይሁን። የሪንግ ክዳን ብዙ ጊዜ ከ15 እስከ 18 ኢንች ፓውንድ (የማጥበቂያ ኃይል መለኪያ) ነው፣ አምራቹ ሌላ ከጻፈ የሱን ተከተሉ፣ በግምት በካቻቪቴ መጨፍለቅ ቱቦውን ያጎደጉደዋል። ሰማያዊውን የቪቴ ማጣበቂያ ለቤዙ ቪቴዎች እንጂ ለክዳኑ አልጠቀምም፣ እርጥብ እያለ ስለሚያለሰልስ ሳይታወቅ ከልክ በላይ ይጠብቃል።

ሪንግ ከተቀየረ ዜሮው (ምቱ መስቀሉ ላይ እንዲያርፍ የተስተካከለው) የለም፣ ተኩስ ሜዳ ሄዳችሁ መጀመሪያ 25 ከዛ 100 ያርድ ላይ እንደ አዲስ አስተካክሉ። የሪንጉን ቁመት፣ ከበርሜሉ እስከ ስኮፑ ያለውን ልክ፣ ያጠበቃችሁበትን ቁጥር ፕላስተር ላይ ጽፋችሁ የጠመንጃው ሳጥን ክዳን ውስጥ ለጥፉት።